«የመዳን ዋጋ» ተብሎ መቶ ዓመት የታለፈው ቁስል

የካንሰር ሕክምና ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚተረከው በድሉ ነው፤ ጨረሩ እንዴት እንደተገኘ፣ መድኃኒቱ እንዴት እንደተቀመመ፣ ዕጢው እንዴት እንደሟሸሸ። ከድሉ ጎን ለጎን የተጓዘ ሌላ ታሪክ ግን አለ። ሕክምናው በተጀመረ በሳምንት፣ በሁለት ሳምንት የብዙ ታካሚዎች አፍ ውስጡ ይቀላል፣ ይላጣል፣ ከዚያም ይቆስላል። ምራቅ መዋጥ ያቃጥላል፣ መናገር ያደክማል፣ ቤተሰብ ተጨንቆ ያዘጋጀው ምግብ ሳይነካ ይመለሳል። ሐኪሞች ይህን ጉዳት ሙኮሳይቲስ ይሉታል።

ቁስሉ የሕክምናው የዕድሜ እኩያ ነው። ሐኪሞች ገና ከጅምሩ አይተውታል፣ ጽፈውታል፣ ስምም አውጥተውለታል። ከሥሩ ምን እንደሚካሄድና እንዴት መከላከል እንደሚቻል በብርቱ መጠየቅ የጀመሩት ግን መቶ ዓመት ሊሞላ ጥቂት ሲቀረው ነው። መዘግየቱ የግዴለሽነት ብቻ አልነበረም። በየዘመኑ ቁስሉን ችላ ለማለት አሳማኝ የሚመስል ምክንያት ነበረ። ታሪኩን ከሥር መሠረቱ ማየት የሚያስፈልገውም ለዚህ ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ከ1895 እስከ 1918፦ ጉዳቱ መለኪያ የነበረበት ዘመን

ቪልሄልም ሮንትገን በኖቬምበር 1895 በጀርመኗ የቩርዝቡርግ ከተማ ኤክስሬይን ሲያገኝ ዓለም የተደነቀው አጥንትን በሥጋ ውስጥ አሻግሮ በማየቱ ነበር። ዓመት ሳይሞላ ግን ሌላ ዜና ተከተለ። ከጨረሩ ጋር ብዙ የቆዩ ሰዎች ቆዳቸው ይቃጠል፣ ፀጉራቸውም ይረግፍ ጀመር። በ1898 ማሪና ፒየር ኩሪ ራዲየምን አገኙ። ከሦስት ዓመት በኋላ ሳይንቲስቱ ሄንሪ ቤክሬል ትንሽ ራዲየም የያዘ ቱቦ በሰደርያው ኪስ ይዞ በመዞሩ ገላው ተቃጠለ። ፒየር ኩሪም ነገሩን ለማረጋገጥ ራዲየሙን ሆን ብሎ በክንዱ ላይ አሳርፎ ቁስሉን ተከታተለ።

ሐኪሞች ከዚህ የወሰዱት ትምህርት ግልጽ ነበር፤ ጤነኛ ሥጋን የሚያቃጥል ኃይል ዕጢንም ሊያቃጥል ይችላል። በ1906 ሁለት ፈረንሳውያን፣ ዣን ቤርጎኒዬና ሉዊ ትሪቦንዶ፣ በአይጦች ላይ ባደረጉት ሙከራ ተመርተው አንድ ሕግ አወጡ። ጨረር ይበልጥ የሚጎዳው ቶሎ ቶሎ የሚከፋፈሉ ህዋሳትን ነው አሉ። የካንሰር ህዋሳት እንደዚያ ናቸው። የአፍና የጉሮሮ ውስጠኛ ሽፋን ህዋሳትም እንደዚያው ናቸው። ስለዚህ የአፍ ቁስል ለምን እንደሚመጣ የመጀመሪያው ፍንጭ ገና በ1906 በወረቀት ላይ ሰፍሮ ነበር ማለት ይቻላል።

ሆኖም ማንም ፍንጩን አልተከተለም፤ ምክንያቱም በዚያ ዘመን ጉዳቱ ራሱ ሥራ ነበረው። የጨረርን መጠን በትክክል የሚለካ የጋራ መስፈርት አልነበረም። ሐኪሙ «በቂ ሰጥቻለሁ» የሚለው የታካሚው ቆዳ ሲቀላ አይቶ ነው። ጀርመኖች ቆዳን የሚያቀላውን መጠን እንደ አንድ መለኪያ እስከመውሰድ ደርሰዋል። ሮንትገን የተባለው የጨረር መለኪያ በዓለም አቀፍ ጉባኤ የጸደቀው በ1928 በስቶክሆልም ነው። እስከዚያ ድረስ የሰው ገላ ሚዛን ሆኖ አገልግሏል። ሚዛን የሆነን ነገር ደግሞ ማንም ለማስወገድ አይነሳም።

ከ1919 እስከ 1939፦ የፓሪስ በጎችና የኩታር ታካሚዎች

ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የጨረር ሕክምና ዋና መዲና ፓሪስ ሆነች። በራዲየም ኢንስቲትዩት የሚሠራው ክሎዲዩስ ሬጎ አንድ ጥያቄ ይዞ ነበር፤ ጨረሩን በአንድ ጊዜ ከመስጠት ከፋፍሎ መስጠት ይሻል ይሆን? የሞከረው በአውራ በጎች የዘር ፍሬ ላይ ነው። በአንድ ትልቅ መጠን በጉን ለማምከን ሲሞክር የላይኛው ቆዳ ክፉኛ ይቆስላል። መጠኑን በቀናት ከፋፍሎ ሲሰጥ ግን በጉ ይመክናል፣ ቆዳው ግን ይተርፋል።

ሄንሪ ኩታር ይህን ግኝት ወደ ሰው አመጣው። በዚያው ተቋም የጉሮሮና የማንቁርት ካንሰር ያለባቸውን ሰዎች ለሳምንታት በየቀኑ በጥቂት በጥቂቱ ያክም ጀመር። በ1922 በፓሪስ በተደረገ ጉባኤ ላይ የማንቁርት ካንሰራቸው የጠፋላቸውን ታካሚዎች ውጤት ሲያቀርብ የሕክምናው አቅጣጫ ተለወጠ። ዛሬም የአንገትና የራስ ካንሰር ያለበት ሰው በሳምንት አምስት ቀን፣ ለስድስትና ለሰባት ሳምንት ጨረር ቤት የሚመላለሰው በዚሁ መንገድ ነው።

ኩታር ጥሩ ተመልካች ነበር። የታካሚዎቹ ጉሮሮ በመጀመሪያ እንደሚቀላ፣ ቀጥሎ ነጣ ያለ ስስ ልባስ እንደሚለብስ፣ ልባሱ ተነሥቶ ቁስሉ እንደሚገለጥ፣ በመጨረሻም እንደሚሽር በቅደም ተከተል ጻፈ። የአፍና የጉሮሮ ሽፋን ከቆዳ ቀድሞ እንደሚጎዳም አስተዋለ። በአፍ ቁስል ታሪክ ውስጥ ይህን ያህል የተሟላ ገለጻ የሰጠ ሰው ከእርሱ በፊት አይታወቅም።

የገለጻው ዓላማ ግን ቁስሉን ለማዳን አልነበረም። ኩታርና ተከታዮቹ በቁስሉ ውስጥ ያነበቡት ሕክምናው በትክክል መድረሱን ነበር። ጉሮሮው ካልቀላና ካልተላጠ ዕጢውም በቂ ጨረር አላገኘም ተብሎ ይታሰባል። ስለዚህ ዓለም የሮንትገንን መለኪያ ከተቀበለ በኋላም ቁስሉ ከሚዛንነት ወደ ምልክትነት ተዛወረ እንጂ ወደ ሕመምነት አልተዛወረም። ታካሚው ምን ያህል እንደተሰቃየ በዚያ ዘመን መዝገብ ውስጥ የሚያነብ ሰው ብዙ አያገኝም።

ከ1935 እስከ 1946፦ ከመርዝ ጋዝ ወደ መድኃኒት

ሁለተኛው መንገድ፣ ኬሞቴራፒ፣ የመጣው ከጦር ሜዳ ነው። መነሻው ኢትዮጵያውያን ከማንም በላይ የሚያውቁት መርዝ ነው። ፋሺስት ኢጣሊያ ከ1935 መጨረሻ ጀምሮ በሰሜኑ ግንባር የሰናፍጭ ጋዝን በቦምብ ጣለች፣ ከአውሮፕላንም ረጨች። ወታደሩን፣ ገበሬውን፣ ከብቱንና ወንዙን አንድ ላይ መታች። ኢጣሊያ እንዲህ ያለውን መሣሪያ የሚከለክለውን የ1925ቱን የጄኔቫ ስምምነት የተቀበለች አገር ነበረች። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በጁን 30 ቀን 1936 በጄኔቫ ለመንግሥታት ማኅበር አቤት ያሉት ይህንን ግፍ ነው።

ጋዙ ቆዳን ከማቃጠል አልፎ ምን እንደሚያደርግ ሐኪሞች ቀድመው አይተው ነበር። በአንደኛው የዓለም ጦርነት በጋዙ የተመቱ ወታደሮችን የመረመሩት ባልና ሚስት፣ ኤድዋርድና ሄለን ክሩምብሃር፣ በ1919 ባሳተሙት ጽሑፍ የነጭ የደም ህዋሳት መመናመንን፣ የአጥንት መቅኔ መድረቅንና የአንጀት ሽፋን መቁሰልን መዝግበዋል። እነዚህ ሦስቱ ጉዳቶች በኋላ የኬሞቴራፒ መለያ ጎጂ ውጤቶች ሆኑ። ጽሑፉ ግን ለሃያ ዓመት ያህል ፈላጊ አላገኘም።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የአሜሪካ መንግሥት የጋዙን ዝርያዎች በምሥጢር ያስጠና ነበር። በዬል ዩኒቨርሲቲ ሉዊስ ጉድማንና አልፍሬድ ጊልማን ናይትሮጅን ማስታርድ የተባለውን የጋዙን ዘመድ በአይጦች ዕጢ ላይ ሞከሩ፤ በ1942 ደግሞ የሊምፍ ካንሰር ላለበት አንድ ሰው ሰጡት። ዕጢው በጥቂት ቀናት ውስጥ ሟሸሸ፣ ከጊዜ በኋላ ግን ተመለሰ። በዲሴምበር 1943 በኢጣሊያ የባሪ ወደብ የሰናፍጭ ጋዝ ቦምቦችን የጫነ የአሜሪካ መርከብ ሲመታ፣ ተጎጂዎቹን የመረመረው ሐኪም ስቱዋርት አሌክሳንደር ነጭ የደም ህዋሳታቸው ምን ያህል እንደወደመ ዘገበ። ምሥጢሩ ለሕዝብ የወጣው በ1946 ነው። ካንሰርን በደም ሥር በሚሰጥ ኬሚካል መምታት እንደሚቻል ታወቀ። አብሮ የታወቀው ሌላው ነገር መድኃኒቱ ጠላትን ከወዳጅ እንደማይለይ ነው።

ከ1947 እስከ 1960፦ አፍ የመድኃኒቱ ልጓም ሲሆን

በቦስተን የሕፃናት ሆስፒታል የሚሠራው ሲድኒ ፋርበር በደም ካንሰር የተያዙ ልጆች በሳምንታት ውስጥ ሲያልቁ ያይ ነበር። የያዘው ሐሳብ ከቫይታሚን ጥናት የመነጨ ነው። ሉሲ ዊልስ በሕንድ ነፍሰ ጡሮች ላይ ባደረገችው ጥናት በኋላ ፎሊክ አሲድ የተባለው ንጥረ ነገር ለደም መሠራት እንደሚያስፈልግ ለማሳየት ፈር ቀድዳለች። ፎሊክ አሲድ ደም የሚሠራ ከሆነ እርሱን የሚከለክል ነገር የካንሰሩን ደም ሊያስቆም ይችላል። ትውልደ ሕንዳዊው ኬሚስት ዬላፕራጋዳ ሱባራው ቡድን የቀመመውን አሚኖፕቴሪንን ፋርበር ለ16 ሕፃናት ሰጠ። አሥሩ ለጊዜውም ቢሆን አገገሙ። ውጤቱ በጁን 1948 ታተመ። ከዚያ በፊት እንዲህ ያለ ነገር ታይቶ አያውቅም።

በዚያው ጽሑፍ ውስጥ የልጆቹ አፍ እንደቆሰለም ተጽፏል። ምክንያቱን መረዳት አይከብድም። የአፍ ውስጠኛ ሽፋን በምግብና በንግግር ያለማቋረጥ እየተፋቀ፣ ያለማቋረጥ እንደሚለሰን የጭቃ ግድግዳ ነው። አሚኖፕቴሪንና ተተኪው ሜቶትሬክሴት የሚያስቆሙት ልሰናውን ነው፤ ፋቂው ግን አይቆምም። በአንድ ሳምንት ገደማ ግድግዳው ይሳሳል፣ ይሰነጠቃል።

ሐኪሞቹ ይህን ልጓም አደረጉት። የአፍ ቁስል ሲወጣ መድኃኒቱ ይቆማል፣ ሲሽር ይቀጥላል። በ1956 በአሜሪካ ብሔራዊ የካንሰር ኢንስቲትዩት ሚን ቹ ሊና ሮይ ኸርዝ ከእንግዴ ልጅ የሚነሳ ካንሰር የተስፋፋባቸውን ሴቶች በሜቶትሬክሴት ሲያድኑ፣ የመድኃኒቱን ዙር ያፈራረቁት ሰውነት ከጉዳቱ እስኪያገግም እየጠበቁ ነው። በ1957 ቻርልስ ሃይደልበርገር በዊስኮንሲን ያስተዋወቀው ፍሎሮዩራሲልም አፍንና አንጀትን በማቁሰል ታወቀ።

በጨረሩ በኩል ሌላ ለውጥ መጣ። በ1951 በካናዳ የኮባልት ማሽን ሥራ ጀመረ። የኮባልት ጨረር ኃይሉን የሚያሳርፈው ከቆዳ ጥቂት ሚሊሜትር ዘልቆ ስለሆነ፣ ለግማሽ ምዕተ ዓመት ሐኪሞችን ይገታ የነበረው የቆዳ ቃጠሎ ቀለለ። ሐኪሞች መጠኑን ከፍ ማድረግ ቻሉ። ከቆዳ የተነሣው ሸክም ግን ወደ ውስጥ ገባ። ከዚያ ወዲህ የአንገትና የራስ ካንሰር ሕክምናን የሚገታው የአፍና የጉሮሮ ሽፋን ሆነ።

ከ1960 እስከ 1987፦ መጠኑ ሲጨምር

ቀጣዮቹ ሃያ ሰባት ዓመታት የድፍረት ዓመታት ናቸው። ከመድኃኒቱ ጥቂቱ ጥቂት ካዳነ ብዙው ብዙ ያድናል የሚለው እምነት ነገሠ። ሜቶትሬክሴትን በጣም ከፍ ባለ መጠን ሰጥቶ፣ ከሰዓታት በኋላ ሉኮቮሪን በተባለ ማርከሻ ጤነኛውን ህዋስ ማትረፍ ተጀመረ። ማርከሻው በሰዓቱ ሲሰጥ አፉ ይተርፋል፣ ሲዘገይ ይላጣል።

በሲያትል ዶናል ቶማስ የአጥንት መቅኔ ንቅለ ተከላን አዳበረ። በ1990 የኖቤል ሽልማት ያስገኘለት ይህ ሕክምና የታካሚውን መቅኔ በከባድ ኬሞና በመላ ሰውነት ጨረር አጥፍቶ የለጋሽ መቅኔ ይተክላል። ነጭ የደም ህዋስ በሌለበት በዚያ ክፍተት የቆሰለ አፍ ለባክቴሪያ የተከፈተ በር ነው። በአፍ ውስጥ በሰላም የሚኖሩ ጀርሞች ወደ ደም ገብተው ይገድላሉ። ስታንሊ ዱድሪክ በ1960ዎቹ መጨረሻ ያዳበረው ምግብን በደም ሥር የመስጠት ዘዴ እነዚህ ሰዎች አንድ ጉርሻ ሳይውጡ እንዲሰነብቱ አስቻለ። ሞርፊን ሕመሙን አስታገሰ። ቁስሉ ግን እንዳለ ነበር።

በ1979 የዓለም ጤና ድርጅት የአፍ ቁስልን ከ0 እስከ 4 የሚመድብ መስፈርት አወጣ። አንደኛው ደረጃ መቅላትና ማቃጠል ነው። ሁለተኛው ቁስል ቢኖርም ጠጣር ምግብ የሚበላበት፣ ሦስተኛው ፈሳሽ ብቻ የሚወሰድበት፣ አራተኛው ምንም የማይዋጥበት ነው። መስፈርቱ ቀላል ቢመስልም አዲስ ነገር ነበረው፤ የቁስሉን ክብደት ታካሚው መብላት በመቻሉና ባለመቻሉ ይመዝናል። የታካሚው ማዕድ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ መዝገቡ ገባ።

ከ1988 እስከ 1991፦ እረፍቱ ሲያስከፍል

ትልቁ መዞሪያ የመጣው ስለ አፍ ቁስል ካልሆነ ጥናት ነው። የታካሚው አፍ ክፉኛ ሲቆስል የጨረር ሐኪሞች የሚያደርጉት የተለመደ ነገር ነበር፤ ሕክምናውን ለአንድ ሳምንት፣ ለሁለት ሳምንት ያቆማሉ። ማንም በዚህ ጉዳት አለ ብሎ አላሰበም። በ1988 ሮድኒ ዊዘርስና ባልደረቦቹ የራስና የአንገት ካንሰር ታካሚዎችን መረጃ ሰብስበው አንድ አስደንጋጭ ነገር አሳዩ። ሕክምናው በተጀመረ በአራት ሳምንት ገደማ በሕይወት የተረፉት የካንሰር ህዋሳት ከበፊቱ ፈጥነው መራባት ይጀምራሉ። በእረፍቱ የሚያገግመው አፉ ብቻ አልነበረም፤ ካንሰሩም ነበር።

ይህ ግኝት የቁስሉን ቦታ ለወጠው። እስከዚያ የመዳን ዋጋ ተብሎ ሲታለፍ የኖረው ነገር መዳንን ራሱን የሚነጥቅ ሆኖ ተገኘ። በ2003 የወጣና 33 ጥናቶችን የሰበሰበ ግምገማ፣ ለራስና ለአንገት ካንሰር ጨረር ከወሰዱት ከመቶ 80 ያህሉ አፋቸው እንደቆሰለ፣ ከመቶ 11 በሚሆኑት ላይም በቁስሉ ምክንያት ሕክምናው እንደተቋረጠ ወይም እንደተቀየረ አሳየ።

በአፕሪል 1989 የአሜሪካ ብሔራዊ የጤና ተቋማት የካንሰር ሕክምና በአፍ ላይ ስለሚያስከትለው ችግር የባለሙያዎች ጉባኤ ጠሩ። የጥርስ ሐኪሞች፣ የካንሰር ሐኪሞችና ነርሶች አንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀመጡ። ሕክምና ከመጀመሩ በፊት አፍ ይመርመር፣ የተበላሸ ጥርስ ይታከም የሚለው ምክር ከዚያ ጊዜ ወዲህ ሥር ሰደደ።

በ1991 ደግሞ በአሜሪካ የተደረገ ጥናት የበረዶን ጥቅም አሳየ። ፍሎሮዩራሲል በደም ሥር በአንድ ጊዜ ሲሰጥ በደም ውስጥ የሚቆየው ለደቂቃዎች ብቻ ነው። ተመራማሪዎቹ መድኃኒቱ ከመሰጠቱ አምስት ደቂቃ በፊት ጀምሮ ለ30 ደቂቃ ያህል በአፍ በረዶ ማንቀዋለልን በ95 ታካሚዎች ላይ ሞከሩ። ቅዝቃዜው የአፍን የደም ሥሮች ያጠብባል፤ መድኃኒቱ በሚያልፍባቸው ደቂቃዎች ወደ አፍ የሚደርሰው ደም ይቀንሳል። በረዶ የያዙት ሰዎች ቁስላቸው ቀለለ። ፍሎሮዩራሲል ከተገኘ 34 ዓመት አልፎ ነበር። በረዶ ግን በየማቀዝቀዣው ነበር፤ የጎደለው ጠያቂው ነው።

ከ1992 እስከ 2004፦ ከሽፋኑ ሥር

በእነዚህ ዓመታት ሦስት መንገዶች ተከፈቱ። የመጀመሪያው የነርሶች መንገድ ነው። ሆስፒታሎች ለቆሰለ አፍ ልዩ ልዩ መጉመጥመጫ ይቀምሙ ነበር፤ የትኛው እንደሚሠራ ግን የመዘነ አልነበረም። በሳን ፍራንሲስኮ ነርሷ ተመራማሪ ሜሪሊን ዶድ መዘነችው። በ1996 የታወቀው ጀርም ገዳይ ክሎርሄክሲዲን ከንጹሕ ውሃ እንደማይበልጥ አሳየች። በ2000 ደግሞ ክሎርሄክሲዲንን፣ ሆስፒታሎች የሚያደንቁትን የመድኃኒት ድብልቅና ተራ የጨውና የሶዳ ውሃን አወዳደረች። ቁስሉን በማዳን በኩል ልዩነት አልተገኘም፤ ርካሹ የጨውና የሶዳው ውሃ ነበር።

ሁለተኛው መንገድ የብርሃን ነው። ሃንጋሪያዊው ሐኪም ኤንድሬ ሜስተር በ1960ዎቹ ደካማ የሌዘር ብርሃን የሕዋስን እድገት እንደሚያነቃቃ አስተውሎ ነበር። ፈረንሳውያን ሐኪሞች ይህን ወደ ቆሰለው አፍ አመጡት። በ1999 በኒስ ከተማ የአንቷን ላካሳኝ ማዕከል የሚሠራው ረኔ-ዣን በንሳዱንና ባልደረቦቹ በ30 ታካሚዎች ላይ ያደረጉትን ሙከራ አሳተሙ። ሌዘሩን ካገኙት ከባድ ቁስል የታየባቸው ከመቶ 8 ያህሉ ሲሆኑ፣ ካላገኙት ከመቶ 35 ነበሩ። ማዕከሉ የተሰየመለት ላካሳኝ በፓሪስ የሬጎ የሥራ ባልደረባ ነበር። ቁስሉ በጥንቃቄ የተገለጸበት ያው የፈረንሳውያን ሐኪሞች የሙያ ፈለግ፣ ከሰባ ዓመት በኋላ ቁስሉን ወደ መከላከል ተሻገረ።

ሦስተኛው መንገድ የቦስተን ነው፤ የፋርበር ከተማ። የጥርስ ሐኪሙ ስቲቨን ሶኒስ በ1990 በሃምስተር አይጦች ጉንጭ ላይ የአፍ ቁስልን በቤተ ሙከራ መፍጠር ቻለ። ለዓመታት ከተከታተለ በኋላ የቆየውን ማብራሪያ ገለበጠው። ጉዳቱ የሚጀምረው ልሰናው በመቆሙ ብቻ አይደለም፤ ከልሰናው ሥር ካለው ከግድግዳው ማገር ነው። በ2004 ያሳተመው ማብራሪያ አምስት ደረጃዎች አሉት። ጨረሩ ወይም መድኃኒቱ ገና በመጀመሪያው ቀን ከሽፋኑ ሥር ያሉ ህዋሳትንና የደም ሥሮችን ይመታል። የተመቱት ህዋሳት የእብጠት መልእክት ያስተላልፋሉ። መልእክቱ እየተቀባበለ ይበረታል። ቀጥሎ ሽፋኑ ይቆስላል፣ ባክቴሪያም ይሰፍርበታል። በመጨረሻ ከሥር በሚመጣ ምልክት መሻር ይጀምራል። አፉ ጤነኛ በሚመስልባቸው የመጀመሪያ ቀናት ጉዳቱ ከሥር እየተካሄደ ነው። ጀርም ገዳይ መጉመጥመጫ ቁስሉን ለምን እንደማይከላከልም ይህ ያስረዳል፤ ጀርሙ የሚመጣው ቤቱ ከፈረሰ በኋላ ነው።

በዚያው በ2004 መጨረሻ የመጀመሪያው መድኃኒት ተፈቀደ። ፓሊፈርሚን የሽፋን ህዋሳትን የሚያሳድግ ፕሮቲን ነው። በ212 የደም ካንሰር ታካሚዎች ላይ በተደረገ ሙከራ ከባድ ቁስል ከመቶ 98 ወደ 63 ወረደ። ደስታው እውነተኛ ነበር፤ ግን መድኃኒቱ ውድ ነው፣ የተፈቀደውም ለንቅለ ተከላ ለሚዘጋጁ የደም ካንሰር ታካሚዎች ብቻ ነው።

ከ2005 እስከ ዛሬ፦ ጥያቄው ወደ ታካሚው ሲመለስ

የመጀመሪያው ዓለም አቀፍ የአፍ ቁስል መመሪያም የወጣው በ2004 ነው። ያዘጋጁት በካንሰር ድጋፋዊ እንክብካቤና በአፍ ሕክምና ላይ የሚሠሩ ሁለት ዓለም አቀፍ ማኅበራት ሲሆኑ፣ በ2014ና በ2020 ጭምር አሻሽለውታል። በረዶ ለተወሰኑ መድኃኒቶች፣ የሌዘር ብርሃን ለጨረርና ለንቅለ ተከላ ታካሚዎች የሚመከሩ ሆነው ሰፈሩ። በ2020ው ማሻሻያ ማርም ተካትቷል፤ በራስና በአንገት ላይ ጨረር ለሚወስዱ ሰዎች ሊረዳ እንደሚችል ተጠቁሟል። ማር የሚወደድበት አገር ሰው ይህን ሲሰማ ደስ ቢለው አይፈረድበትም። ሆኖም ማር ስኳር ነው፤ ጨረር ምራቁን ላደረቀበት ሰው ጥርስ ጠላት ሊሆን ስለሚችል ከሐኪም ጋር ተመካክሮ የሚወሰድ ነው።

አዳዲስ መድኃኒቶች ሲመጡ አዲስ ዓይነት ቁስል ይዘው መጡ። ለጡት ካንሰር የሚሰጠው ኤቬሮሊመስ የሚያወጣው ትናንሽ ክብ ቁስል ከጨረሩ ቁስል የተለየ ነው። በዚህ ጊዜ ግን ተመራማሪዎች ሠላሳ ዓመት አልጠበቁም። በ2017 የታተመ ጥናት ዴክሳሜታዞን ባለበት ፈሳሽ በቀን አራት ጊዜ መጉመጥመጥ በአፍ የሚወጣውን ቁስል በእጅጉ እንደሚከላከል አሳየ፤ መካከለኛና ከዚያ በላይ ቁስል የታየባቸው ሴቶች ከመቶ 2 ብቻ ሲሆኑ፣ ቀደም ሲል ያለ መጉመጥመጫው በተደረገ ጥናት 33 ነበሩ። መንገዱ ሁሉ ግን አልጋ በአልጋ አልሆነም። በጨረር ምክንያት ለሚመጣ ቁስል ተስፋ የተጣለበት አቫሶፓሴም ከባድ ቁስልን ከመቶ 64 ወደ 54 ቢቀንስም፣ የአሜሪካ ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤት በ2023 ማስረጃው አልበቃኝም ብሎ ሳይፈቅደው ቀረ።

በኢትዮጵያ ይህ ታሪክ የራሱ መልክ አለው። አዲስ አበባ የሚገኘው ጥቁር አንበሳ ሆስፒታል ለረጅም ዓመታት የአገሪቱ ብቸኛ የጨረር ሕክምና ማዕከል ሆኖ በኮባልት ማሽን ሲያክም ኖሯል። ከሩቅ ክፍለ አገር መጥቶ ወረፋ የጠበቀ ሰው፣ አፉ ቆስሎ ሕክምናው ሲቋረጥበት የሚያጣው ነገር ከማንም ይበልጣል። ፓሊፈርሚንና ሌዘር በቅርብ የማይገኙ ቢሆኑም፣ ይህ ታሪክ ካስተማራቸው ነገሮች አብዛኞቹ ውድ አይደሉም። ከሕክምናው በፊት ጥርስን ማስመርመር፣ አፍን በለስላሳ ብሩሽ ማጽዳት፣ ትንሽ ጨውና ሶዳ በተበጠበጠበት ለብ ያለ ውሃ ደጋግሞ መጉመጥመጥ፣ ሐኪሙ ካለ በረዶ መያዝ፣ በርበሬውንና ሚጥሚጣውን፣ የሚያቃጥለውን ቡናና አልኮሉን ለጊዜው ትቶ አጥሚትና የቀዘቀዘ ሾርባ መውሰድ፣ ሕመሙ ሲበረታ ሞርፊንን አለመፍራት።

ከሁሉ የሚቀድመው ግን መናገር ነው። እኛ ዘንድ ችሎ ማለፍ ይከበራል፤ ብዙ ታካሚ አፉ ሲላጥ «ምች ነው» ወይም «መድኃኒቱ ነው፣ ያልፋል» ብሎ ዝም ይላል፤ ሐኪሙም ካልተነገረው ላያየው ይችላል። ከሬጎ በጎች እስከ ዶድ የጨው ውሃ ድረስ ያለው ታሪክ የሚያስረዳው ግን ቁስሉን ለመቶ ዓመት ያኖረው የመድኃኒት እጥረት ብቻ እንዳልነበረ ነው፤ መቻል አለበት የሚለው እምነትም አኑሮታል። ስለዚህ ማቃጠሉ በተሰማ በመጀመሪያው ቀን ታካሚው ለነርሷ ይንገር፣ አስታማሚው የተመለሰውን ሳህን ለሐኪሙ ያሳውቅ፣ ሐኪሙም በየቀጠሮው «ምን በላህ፣ ምን በላሽ» ብሎ ይጠይቅ። አፉ የዳነ ሰው ይበላል፣ የሚበላ ሰው ሕክምናውን ይጨርሳል፣ ሕክምናውን የጨረሰ ሰው ደግሞ የመዳን ዕድሉ ይሰፋል።